ነጩ ግድግዳ

የቴሌቭዥን ዘጋቢዋ ግራኒያ የወይዘሮ ኮንሴፕታን ጓዳ ከፍታ ስትገባ የትኩስ ቀለም ሽታ አፍንጫዋን መታት። ባለፈው ሳምንት በሻጋታ ጠቁሮ ያየችው ግድግዳ እንደ ወተት ነጥቷል።

«ማን ቀባው?»

«እኔ ነኛ። የኮርክ ከተማ በሞላ ሊያየኝ አይደል እንዴ?» አሉ ኮንሴፕታ ወገባቸውን ይዘው። «እንግዳ እየመጣ ግድግዳዬን እንደዚያ ልተወው?»

የሕንፃው ባለቤት «ሻጋታ የሚባል የለም» ብሎ ለጣቢያው ጽፏል። ይኸው ሰው ከወንዙ ማዶ ያሠራቸውን ቅንጡ የመስታወት ቤቶች ግራኒያና ካሜራማኗ ጠዋት ቀርጸዋል። የቀረው የዘገባው ሌላኛው ግማሽ፣ የኮንሴፕታ የልጅ ልጅ ፊያክራ እያፈነው የሚተኛበት ይህ ክፍል ነበር። ዘገባው ማታ ከተላለፈ፣ ባለቤቱ ሌላ ቤት ይሰጣቸው ይሆናል።

«ሻጋታ እንደሆነ ቀለም አይፈራም፣ ተመልሶ ይመጣል» አለ ካሜራማኑ ዶናል።

«እስከ ማታ ይደርሳል?» አለችው ግራኒያ በንዴት። ወደ ሴትዮዋ ዞረች። «እሺ፣ በቃልዎ ይንገሩኝ።»

«ምን እነግርሻለሁ ልጄ? ልጁ ሌሊት ሲያስለው ነፍሱ የምትወጣ ይመስልሻል። ያ ጌታ ተብዬ ደግሞ ‹መስኮት ክፈቱ› ይለኛል። መስኮቱን በምስማር ያስመታው ራሱ!»

«ልክ እንደዚሁ ይበሉት።»

ዶናል ካሜራውን አበራ። ኮንሴፕታ ኮሌታቸውን አስተካከሉ፤ ድምፃቸው የቤተ ክርስቲያን ድምፅ ሆነ።

«ተመስገን ነው። ከኛ የባሰ ስንቱ አለ። ትንሽ ይበርዳል እንጂ ደህና ነን።»

ደገሙት። በሁለተኛው ቀረጻ ላይ ጭራሽ የሕንፃውን ባለቤት አመሰገኑ።

«ፊትዎን እንሸፍነው? ማንም አያውቅዎትም» አለች ግራኒያ።

«ሌባ ልታስመስይኝ ነው?»

ግራኒያ መኪናዋ ውስጥ እንደገባች የጣቢያው ዋና አዘጋጅ ደወለ። «ሴትዮ አለችሽ፣ ግድግዳ አለሽ። ሌላ ምን ቀረሽ?»

«ይኼ ቢተላለፍ ለባለቤቱ ምስክር መቆም ነው። ቀረጻውን አልሰጥም» አለች ግራኒያ።

ማታ በዘገባው ቦታ፣ መርከብ ውስጥ ተደብቆ ፈረንሳይ የገባ ውሻ ታየ።

ዜናው እንዳለቀ ስልኳ ጮኸ።

«ጎረቤቱን ሁሉ ሰብስቤ ውሻ ታሳዪናለሽ?» አሉ ኮንሴፕታ። «ብስኩት ሳይቀር ገዝቼ! ካሜራሽን ይዘሽ ነይ። ያን ቀለም በቢላ ፍቄ የቤቴን ጉድ ነው የማሳይሽ፤ የምስማሩንም፣ የልጁንም። ከእንግዲህ ማንን አፍሬ?»

ግራኒያ ግንባሯን የመኪናዋ መሪ ላይ አስደገፈች። ቀን ስትለምናቸው የነበረው ይህንኑ ነበር።

«ነገ የሃርሊንግ ዋንጫ ፍጻሜ ጨዋታ ነው፤ አገር በሙሉ የሚያየው እሱን ነው፤ ካሜራ በሙሉ ስታዲየም ይገባል። ከዚያ በኋላ ያለውን ደግሞ አዘጋጁ ‹ያ ጉዳይ አልፎበታል› ብሎኛል። ልሞክር እችላለሁ፣ ቃል ግን አልገባም።»

የኮንሴፕታ ንዴት ሲበርድ በስልኩ ውስጥ ተሰማት።

«ፍጻሜው ነገ ነው ለካ» አሉ። «እሱማ ይቅደም። እኛ እንደሆነ፣ ተመስገን፣ ደህና ነን።»