የማዳም ማርጋሪታ

ሽታው ከሐይቅ ደሴ በሚመላለስበት ሚኒባሱ ውስጥ ወሬ የማያልቅበት ሰው ነው። ያኮረፈ ተሳፋሪ ያስቃል፣ ፍሬን ይዞ እንኳ ጨዋታ አያቋርጥም። ቤቱ ሲገባ ግን ምላሱ ይተሳሰራል። ሚስቱ ሕይወት ቤሩት ሰው ቤት ሠርታ ከተመለሰች ጥቂት ወራት ሆኗታል። ስትሄድ ገና ሙሽሮች ነበሩ፤ ተለያይተው የኖሩት ጊዜ አብረው ከኖሩት ይበልጣል። አሁን አንድ አልጋ ላይ እያደሩ፣ ከአንድ ትሪ እየበሉ፣ ይቺ ሴት ማን እንደሆነች አጥርቶ አያውቅም። ሻይዋን ያለ ስኳር ትጠጣለች። ስሟን ሲጠራት ቶሎ ዞር አትልም፤ ሌላ ሰው የተጠራ ይመስል ትንሽ ቆይታ ነው አቤት የምትለው። ስለ ቤሩት ሲጠይቃት «ሥራ ነው፣ ምን አለው ብለህ» ትለውና ዕቃ ማጠብ ትጀምራለች።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ደጅ ላይ መኪናውን ሲያጥብ ብቅ አለች።

«ሽታው፣ ሎሚ ገዝተህ አምጣልኝ። አረንጓዴውን፣ ቆዳው ሳሳ ያለውን። ብርቱካንም። በረዶም።»

«በረዶ?»

«በረዶ።»

«እንግዳ አለብን እንዴ?»

ትንሽ አሰበች። «እንደዚያ በለው» አለችና ገባች።

ሎሚና ብርቱካኑ አላስቸገረውም። በረዶ ፍለጋ ግን ዓሣ ነጋዴው ሀምዱ ዘንድ መሄድ ነበረበት። ሀምዱ ከሐይቁ የሚወጣውን ዓሣ እየተቀበለ በበረዶ አሽጎ ወደ ደሴ የሚልክ፣ አብዛኛውንም በሽታው መኪና የሚልክ፣ በዕድሜ የሚበልጠው ወዳጁ ነው።

«አያ ሀምዱ፣ ትንሽ በረዶ ስጠኝማ።»

«ምነው፣ ዓሣ ጀመርክ እንዴ?»

«የለም፣ ለቤት ነው።»

ሀምዱ ፊቱ ተለወጠ። «ማን አተኮሰው? ሕይወት ናት?»

ሽታው ምን ብሎ ያስረዳ? ለራሱም አልገባውም። «አዎ» አለ፣ ቃል እንደጠፋ ሁሉ።

«ያ አላህ! ስትመጣም ከስታ ነበር፤ አላህ ያሽርልህ። ሎሚም ይዘሃል፣ ደግ አድርገሃል» አለና ሀምዱ ከማቀዝቀዣው ግርጌ በረዶ እየፈለፈለ ፌስታሉን ሞላለት።

ሽታው በውሸቱ እያፈረ ቤቱ ገባ። ጠረጴዛው ላይ ሁለት ብርጭቆ፣ በሣህን የተነጠፈ ጨው፣ ክዳን ያለው ባዶ የመስታወት የማር ማሰሮ፣ እና እስከ ዛሬ አይቶት የማያውቅ፣ ግማሹ የጎደለ ጠርሙስ ተደርድሯል።

«አረቄ ነው?»

«ተኪላ ነው። የሜክሲኮ።»

«አንቺ የነበርሽው ቤሩት አይደለም እንዴ?»

«ቤሩት ነው» አለች፣ በረዶውን እያሸተተች። «ይኸ ነገር ዓሣ ዓሣ ይላል።»

«የዓሣ ነጋዴ በረዶ ምን ምን ይበል?»

በውኃ አለቀለቀችው። ከዚያ ሥራ ጀመረች። የብርቱካኑን ልጣጭ ከስኳርና ከጥቂት ውኃ ጋር አፈላችና እንዲቀዘቅዝ አኖረችው። ሎሚውን በመዳፏ ጠረጴዛው ላይ እያሽከረከረች አለሰለሰች፤ ቆርጣ በአንዱ ቁራጭ የብርጭቆውን አፍ ዙሪያውን አራሰችና ብርጭቆውን ገልብጣ ጨው ላይ ደፋችው። ስታነሣው አፉ ውርጭ የመታው ይመስላል።

«ጨው? ለመጠጥ?» አለ ሽታው።

«ለከንፈር ነው።»

አልገባውም። ከጠርሙሱ ሁለት እጅ፣ ከሎሚው አንድ እጅ፣ ከብርቱካኑ ሽሮፕ አንድ እጅ ማሰሮው ውስጥ ጨመረች፤ በረዶ አከለችበት፣ ክዳኑን አጥብቃ በጆሮዋ አጠገብ ትንጠው ጀመር። እጇ አያመነታም። ሽታው ዓይኑን ከሚስቱ እጅ ላይ አልነቀለም። ሰው ቤት ነበርኩ ያለችው መጠጥ ቤት ኖሯል እንዴ? ይህን ያስተማራት ማነው? ለማን ስትቀዳ ነው እንዲህ እጇ የፈታው? ለመጠየቅ አፉን ሲከፍት ስልኳን አንሥታ ከስኳሩ ጣሳ ጋር አስደገፈችና ደወለች።

ስልኩ ላይ አንዲት ወጣት ብቅ አለች፤ በዓረብኛ ትንሽ ተነጋገሩ። ከዚያ ምስሉ ተንቀጠቀጠና አንዲት ያረጁ፣ ነጭ ፀጉራቸው ወደ ኋላ የተበጠረ ሴት፣ በትራስ ተደግፈው ታዩ። አሮጊቷ አፍጥጠው አዩ። ከዚያ ፊታቸው በራ።

«ሮሳ!» አሉ።

«ሲ» አለች ሕይወት፣ አቤት እንደሚል ሰው። ወዲያው ነው የመለሰችው። አንድ አፍታ እንኳ አልቆየችም።

ሽታው ዞር ዞር አለ፤ ከእሱና ከሚስቱ በቀር ሰው የለም። ሕይወት ዓረብኛ ባልሆነ፣ ሰምቶት በማያውቀው ቋንቋ ጥቂት ቃል እየተናገረች መጠጡን ቀዳች፣ ብርጭቆዋን ለስልኩ አሳየች፣ ቀመሰች። በዚያ በኩል ወጣቷ ለአሮጊቷ በተመሳሳይ ብርጭቆ ነጣ ያለ ነገር አቀረበችላቸው። ጠጡ። ማንኪያ መጣ፤ ሾርባ ነው። አንድ ጉንጭ ከሎሚው፣ አንድ ማንኪያ ከሾርባው እያሉ ሕይወትን እያዩ በሉ። በመሃል ጣታቸውን ወደ ሽታው ቀስረው ጠየቁ። ሕይወት አንድ ቃል መለሰች። አሮጊቷ ከእግር እስከ ራሱ የሚያዩት ይመስል አዩትና ራሳቸውን ነቀነቁ።

ስልኩ ሲዘጋ ሽታው የቱን አስቀድሞ እንደሚጠይቅ ጠፋው።

«ምን ብለሽ ነው የነገርሻቸው እኔን?»

«ሾፌር ነው አልኳት።»

«ሾፌር?»

«ሾፌር አይደለህም እንዴ?»

ነው። ግን እንዲያ መባሉ ለምን እንዲህ እንዳመመው አልገባውም። ተነሥቶ ሊወጣ ሲል ብርጭቆውን አስያዘችው። «ተቀመጥ። እነግርሃለሁ።»

አሮጊቷ አሠሪዋ ማዳም ናቸው። አባታቸው ለንግድ ሜክሲኮ የሄደ ሊባኖሳዊ ነበር፤ እዚያው ተወልደው አደጉ። ሮሳ የምትባል አንዲት እህት ነበረቻቸው። እሳቸው ተድረው ቤሩት ሲመጡ ሮሳ እዚያው ቀረች፣ ሳታገባ ሞተች፣ ሳይተያዩም ቀሩ። ማዳም ሲያረጁ ነገር ይምታታባቸው ጀመር። አንድ ቀን ሕይወት ልብስ ስትተኩስ መጥተው አንገቷን አቀፉና «ሮሳ፣ መጣሽ?» አሏት።

«መጀመሪያ ሕይወት ነኝ እላት ነበር» አለች። «ታለቅሳለች። አሞኛል ብላ ትተኛለች። ኋላ ተውኩት። እሑድ እሑድ ሮሳና እሷ በልጅነታቸው ከአባታቸው ተደብቀው የሚጠጡትን ይህን ማርጋሪታ እንድሠራላት ታዘኛለች፤ ራሷ ናት ያስተማረችኝ። አሁን የአረጋውያን ማቆያ አስገቧት። ሮሳን አምጡልኝ ብላ እህል እምቢ አለች። የልጅ ልጇ ደወለችልኝ። ለእሷ የሚሰጧት ውኃና ሎሚ ነው፤ ልዩነቱን አታውቅም።»

«እና ባሌ ነው ብትያትስ?»

«ሮሳ አላገባችም።»

ሽታው ብርጭቆውን ቀመሰ። መጀመሪያ ጨው፣ ቀጥሎ ኮምጣጣ፣ ቀጥሎ ጣፋጭ፣ በመጨረሻም ጉሮሮውን የሚልጥ እሳት። ጥሩ ይሁን መጥፎ አላወቀም። ሚስቱ ሁለት ሰው ሆና ከፊቱ ተቀምጣለች፤ በአንደኛዋ መቅናት አለበት ወይስ ማዘን? እስከ ግርጌው ጠጣው።

በሚቀጥለው እሑድ ሕይወት አምባሰል ገጠር ዘመድ ሞቶ ለለቅሶ ሄደች። ማምሻውን እደርሳለሁ ብላ ነበር፤ ስልኳን ቻርጅ ላይ ረስታዋለች። ሽታው ከሰዓት በኋላ ጋደም እንዳለ ስልኩ ጮኸ። ያቺ ወጣት ናት። አነሣው። ዓረብኛ አወረደችበት። «የለችም፣ የለችም» እያለ እጁን ያወናጭፍ ጀመር።

በዚህ መሃል በሩ ተንኳኳ። ሀምዱ ነው፤ በቅርጫት በረዶ ላይ የተኛ ትኩስ ዓሣ ይዟል።

«ለሕይወት ሾርባ ትሁን ብዬ ነው። እንዴት ዋለች?»

«አያ ሀምዱ፣ አላህ ነው ያመጣህ! ጂዳ ነበርኩ አላልከኝም? እስቲ ይቺን ልጅ ስማልኝ።»

ሀምዱ ቅርጫቱን አኑሮ ስልኩን ያዘ። ሰላምታ ሰጠ፤ አዳመጠ፤ ግንባሩ እየተቋጠረ ሄደ። «አያቴ ከጠዋት ጀምሮ አልበላችም ትላለች። ሮሳን እየጠበቀች ነው ትላለች። ሮሳ ማናት?»

«ሚስቴ።»

«ሌላ አገባህ?!»

«ሕይወት ናት!»

«ሕይወትማ ታማለች!»

«አልታመመችም፣ ለቅሶ ሄዳለች።»

«እና በረዶው?»

ሽታው ላብ አጠመቀው። በአንድ ትንፋሽ ሁሉንም ነገረው፤ አሮጊቷን፣ ሜክሲኮን፣ የሞተችውን እህት፣ ጨውን። ሀምዱ አንዳንዱን ሁለት ጊዜ አስደገመው። ከዚያ ጠርሙሱን አየ።

«ይኸ መጠጥ ነው?»

«መጠጥ ነው። እሳቸው ግን አይጠጡትም፤ የሚሰጧቸው ሎሚ ነው። ሲሠራ ካዩ ይበላሉ።»

ሀምዱ ጢሙን አሻሸ። «ስልኩን እይዝልሃለሁ። ብርጭቆውን ግን አልነካም።»

እንዲህ ሆኖ ሽታው ከሀምዱ ቅርጫት ዓሣው ያልነካውን በረዶ መርጦ አጠበና አንድ ጊዜ ብቻ ሲሠራ ያየውን ነገር ይሠራ ገባ። ሁለት እጅ የቱ ነበር? ብርቱካኑ ይቅደም ወይስ ሎሚው? ከተረፈው ሽሮፕ ጨመረ፣ ሎሚ ጨመቀ፣ ፍሬው ሁሉ አብሮ ገባ። አሮጊቷ ከስልኩ ውስጥ ኮስተር ብለው ያዩታል። «ሾፌር» የምትለዋን ቃል ሰማ። ከዚያ አንድ ነገር እያሉ ጣታቸውን አንሥተው በራሳቸው ብርጭቆ አፍ ዙሪያ አዞሩ።

«ምን ነው የሚሉት?» አለ ሀምዱ። «ይኼማ ዓረብኛ አይደለም።»

«ጨው ነው! ጨው ረስቻለሁ!»

ጨው አስነካ። ማሰሮውን አንሥቶ እንደ ሕይወት በጆሮው አጠገብ መናጥ ሲጀምር ክዳኑ ተስፈንጥሮ መጠጡ ሁሉ ሸሚዙ ላይ ፈሰሰ፤ አንድ የበረዶ ቁራጭ አንገቱ ሥር ገባና ዘሎ ተነሣ። ሀምዱ «ቢስሚላህ!» አለ። ከስልኩ ውስጥ ደግሞ እንደ ልጃገረድ የሚንከተከት ሳቅ መጣ። አሮጊቷ እየሳቁ አፋቸውን ሲከፍቱ የልጅ ልጃቸው ማንኪያዋን አቀረበች። በሉ።

ሣህኑ ሲያልቅ ወደ ስልኩ ጠጋ አሉና ሽታውን እያዩ ረዘም ያለ ነገር ተናገሩ። ሀምዱ ራሱን ነቀነቀ፤ አልሰማውም። ልጅቷም ትከሻዋን ሰበቀች፤ የሜክሲኮውን ቋንቋ አታውቀውም። ሽታው ግን ሰው እየለመነው እንደሆነ ከድምፃቸው አወቀ። ምን እንደሚለምኑት አላወቀም።

«እሺ እማማ» አለ በአማርኛ። «እሺ፣ እርስዎ እንዳሉ።»

ሕይወት ጥቁር ነጠላዋን እንደለበሰች አመሻሽ ላይ ስትገባ ሎሚ ሎሚ የሚሸት ሸሚዝ ገመድ ላይ ተሰጥቷል። ነገራት። ሳቀች፤ ቀጥሎ አለቀሰች። «መጨረሻ ላይ ምን አለችህ?» ብላ ደጋግማ ጠየቀችው። ቃሉን ሊያስታውስ ሞከረ፤ ከአፉ የወጣው ግን ለማንም ትርጉም የሌለው ድምፅ ነው። «እሺ ብያቸዋለሁ» አላት። ከዚያ ነጠላዋን ሳታወልቅ ተቀመጠችና ስለ ቤሩት ማውራት ጀመረች፤ ስለ ሰገነቱ፣ መብራት ሲጠፋ ደረጃውን ማዳምን አዝላ ስለወጣችበት ቀን፣ በሮሳ ስም ስትጠራም አንዳንዴ ደስ ይላት እንደነበር። ይህንን የመጨረሻውን ሽታው እንዴት እንደሚይዘው አላወቀም። ግን አላቋረጣትም።

ክረምቱ ሲገባ ልጅቷ እንደገና ደወለች፤ በዚያ ቀን ስልኩ ላይ እሷ ብቻ ነበረች። ሕይወት ድምፅ አውጥታ አለቀሰች፤ ጎረቤት ሰማ፣ ሰው ደጁን ሞላው። ሽታው ዳስ የሚያስጥል ለቅሶ ይሁን አይሁን ግራ ገብቶት አግዳሚ ወንበር ሲያወጣ አንዲት ጎረቤት ያዘችው።

«ማን ሞቶባት ነው?»

ማን ይበል? አሠሪዋ ቢል ለአሠሪ እንዲህ አይለቀስም። አፉ ላይ የመጣውን ተናገረ። «እህቷ ናት።»

«እህት ነበረቻት እንዴ? እናቷ አንድ እሷን ብቻ አይደለም የወለደች?»

ሽታው አግዳሚውን ማስተካከል ያዘ። ከኋላ ዝናቡን ከኮፊያው እያራገፈ የገባው ሀምዱ ግን ሰምቷት ኖሯል።

«ነበረቻት» አለ። «እኔ ራሴ አናግሬያታለሁ።» ሄዶም ከአግዳሚው ጫፍ ተቀመጠ።