ኖሪን የጋበዘችን ጉዞ

በእኛ ቤት ክፉ ወሬ የሚነገረው ባሕር ዳር ነው። አባታችን ፋብሪካው እንደተዘጋበት የነገረን ኪልኪ ወስዶ አይስክሬም ከገዛልን በኋላ ነበር። እናታችንም ሐኪሞቹ ምን እንዳሏት የነገረችን ላሂንች አሸዋው ላይ፣ ሻይ በፔርሙዝ ይዛ፣ ሦስታችንንም ፊት ለፊቷ አስቀምጣ ነው። ደግ ወሬማ ማንም ወጥ ቤት ቆሞ ድንች እየላጠ ይናገረዋል። ስለዚህ ታላቅ እኅታችን ኖሪን ደውላ፣ ከሁለት ሳምንት በኋላ ሐሙስ ምንም እንዳትይዢ፣ አንቺንና ካርሜልን በአውቶቡስ የባሕሩን ዳርቻ ላስጎበኛችሁ ነው፣ ትኬቱንም ቆርጫለሁ ስትለኝ፣ ስልኩን ዘጋሁና ወንበር ፈልጌ ተቀመጥኩ።

ኖሪን ሰባ ሦስት ዓመቷ ነው። እኔ ኢታ የመጨረሻዋ ነኝ፤ በእሷና በእኔ መካከል አሥራ ሁለት ዓመትና ካርሜል አሉ። አባታችን ሲሞት ትምህርቷን አቋርጣ ያሳደገችን ኖሪን ናት። እናታችንንም እስከ መጨረሻዋ ቀን ያስታመመች እሷው ናት። ባል አላገባችም። ሽርሽር የሚባል ነገር አታውቅም፤ ቅዳሜ ገበያ፣ እሑድ ቤተ ክርስቲያን፣ አለቀ። እንዲህ ያለች ሴት ድንገት ተነስታ ገደልና ማዕበል ላሳያችሁ ስትል ምን ይባላል? ወዲያው ለካርሜል ደወልኩ። ለእሷም ነግራታለች። ረጅም ጊዜ አወራን፤ ሁለታችንም ያሰብነውን ቃል ግን አንዳችንም ከአፋችን አላወጣነውም።

ሐሙስ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ሊመሪክ ወንዙ አጠገብ ካለው ፌርማታ ስንደርስ፣ ኖሪን ቀድማ ቆማለች። ሰማያዊ አዲስ ካፖርት ለብሳለች። የእናታችንን የብር ጌጥ ደረቷ ላይ ሰክታለች።

"ጸጉሯን ተሠርታለች" አለችኝ ካርሜል በሹክሹክታ፣ ጠዋት በራዲዮ የሟቾችን ስም እንደሚያነበው ሰውዬ።

ሾፌሩም አስጎብኚውም አንድ ሰው ነበር። ማላኪ እባላለሁ አለ፤ ሰባ ሊሞላው ጥቂት የቀረው፣ ረጅም፣ ክራባቱን አጥብቆ ያሰረ፣ ጆሮው ሰፋ ሰፋ ያለ ሰው ነው። እኛ ሁለተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። ሰውዬው ወንዙን ገና ሳንሻገር ማይክራፎኑን ከፍቶ ወሬ ጀመረ፤ ከጀመረ ደግሞ የሚያቆም አልሆነም። ግንቡን ማን እንደሠራው፣ ማን እንዳፈረሰው፣ አጎቱ የትኛው መስክ ላይ በሬ እንዳባረረው፣ ሁሉንም ነገረን። ክሌር አውራጃ ውስጥ ተራራው ከታየ ዝናብ ሊመጣ ነው፣ ካልታየም መጥቷል አለና ራሱ ሳቀ።

"ይቺ ቀልድ ከአባባ በዕድሜ ትበልጣለች" አለች ካርሜል፣ ድምጿን ሳትቀንስ።

ካርሜል ስትፈራ ምላሷ ይሳላል። ያን ቀን ደግሞ ክፉኛ ፈርታለች፤ ለዚያ ምስኪን ሾፌር ጠላት ያደረጋትም ፍርሃቷ ነው። ሰውዬው አየር የሚስበው መቼ ነው አለች። ገደሉን ራሱ የጠረበው ይመስል ያወራል አለች። ኤኒስ ከተማ ልንደርስ ስንል ነፋሱ አውቶቡሱን ወዝወዝ ሲያደርገው፣ "በዚህ ጆሮማ ብንበርም አይገርመኝ" አለች፤ ከኋላችን የተቀመጡ ሁለት ሴቶች ሳቁ። ኖሪን በመስኮቱ ወደ ውጭ ታያለች። አንገቷ ቀልቷል። እኔ ትኩሳት መሰለኝ።

ወዲያው ከቦርሳዋ ክኒን አውጥታ በውኃ ዋጠች። ካርሜልና እኔ ተያየን።

ሞኸር ገደል ደርሰን ከአውቶቡሱ ስንወርድ ሰማዩ ጥርት ብሏል። ሰዉ ሁሉ ስልኩን አውጥቶ ፎቶ ያነሳል። እኔ የኖሪንን ክንድ አጥብቄ ይዤ ከአጥሩ አጠገብ እንደ ሕፃን አራምዳታለሁ።

"ልቀቂኝ እንጂ፤ በግ ነኝ እንዴ?" አለችኝ። ጥቂት ቆይታ ደግሞ፣ "በደንብ እዩት፤ ቀኑ ሁልጊዜ እንዲህ አይጠራም" አለች።

ይህን ስትል ካርሜል ፊቷን አዙራ ሄደች። በኋላ የሴቶች መጸዳጃ ቤት ሰልፍ ላይ አገኘኋት፤ ዓይኗ ደም መስሏል። ነፋሱ ነው አለችኝ። አዎ፣ ኃይለኛ ነው አልኳት።

ምሳ ዱሊን የምትባል መንደር ውስጥ በላን። የዓሣ ሾርባና ጥቁር ዳቦ መጣልን። ኖሪን ማንኪያዋን ሾርባው ውስጥ ታዞራለች እንጂ አትበላም፤ ዓይኗ በሩ ላይ ነው። ማላኪ በጠረጴዛዎቹ መካከል እየዞረ የሰዉን ደኅንነት ይጠይቅ ነበርና እኛ ጋ ሲደርስ፣ "ሁሉም መልካም ነው፣ እመቤቶቼ?" አለ። ኖሪን ሻይዋን ልታነሳ ስትል እጇ ተንቀጠቀጠና ግማሹን ጠረጴዛው ላይ ደፋችው። ሰውዬው ጨርቅ ለማምጣት ሲሮጥ ካርሜል ከጠረጴዛው ሥር ጉልበቴን ጨመቀችኝ። ምን እንዳሰበች ገብቶኛል። የአክስታችን የብሬዳ በሽታ የጀመራት ከእጇ ነበር።

ከምሳ በኋላ አውቶቡሱ ያንን ጠባብ የባሕር ዳር መንገድ ይዞ ወደ ሰሜን ሄደ። በግራ ውኃ፣ በቀኝ ግራጫ ድንጋይ። ማላኪ ስለ ድንጋዩ ዕድሜ ሲያወራ እኔ አንድም ቃል አልሰማሁም። ከዚህ በላይ መጠበቅ አልቻልኩም። ብላክ ሄድ የሚባለው ጫፍ ላይ፣ ለመርከቦች የሚያበራው ማማ አጠገብ፣ ለሃያ ደቂቃ ውረዱ ሲለን፣ እኅቶቼን ከሰዉ ለይቼ ጠፍጣፋው ድንጋይ ላይ ወሰድኳቸው።

"ኖሪን" አልኳት፤ "ምንሽን ነው?"

"ምኔን?"

"የሚያምሽን ነዋ። ሆድሽ ነው? ጡትሽ ነው? ምንም ይሁን ብቻ ንገሪን። ከጠዋት ጀምሮ ሞተን አልቀናል።"

ኖሪን እኔን አየችኝ፤ ካርሜልን አየቻት። ካርሜል መሐረቧን አፏ ላይ ይዛ ታለቅሳለች። ኖሪን መጀመሪያ ምንም የገባት አልመሰለም። ከዚያ ሲገባት እጇን ግንባሯ ላይ አደረገች።

"የእማማ ላሂንች!" አለች። "እኔ ደደብ፤ እንዴት አላሰብኩትም? አልታመምኩም። ባለፈው ወር ሐኪሙ አይቶኝ እንደ በቅሎ ጠንካራ ነሽ ብሎኛል።"

"ክኒኑስ?" አልኳት።

"ለመኪና ማጥወልወል ነው። ከሚያዝያ ወዲህ ይህን መንገድ አሥራ አንድ ጊዜ ተመላልሼበታለሁ፤ ያለ ክኒን ኤኒስን እንኳ አላልፍም።"

"አሥራ አንድ ጊዜ! ምን ፍለጋ?"

ኖሪን ወደ አውቶቡሱ ዞር አለች። "ሾፌሩ ነው" አለች።

"እሱ ነው እንዴ የታመመው?" አለች ካርሜል።

"የለም፤ ማንም አልታመመም። ሾፌሩን ላገባው ነው።"

እኔ ድንጋዩ ላይ ቁጭ አልኩ። ለሁለት ሳምንት ደረቴ ላይ ተቀምጦ የነበረው ነገር ሲነሳ ታወቀኝ፤ ትንፋሼ እስከ ታች ገባ። ቀና ስል ከፊቴ ባሕር አለ። ሙሉ ቀን አጠገቡ ስንጓዝ አላየሁትም ነበር። አረንጓዴ ነው፣ ቦታ ቦታ ላይ ደግሞ ጥቁር ሰማያዊ፤ ከማዶ የጎልዌይ መንደሮች ነጭ ነጭ ሆነው ይታያሉ። ካርሜል ኖሪንን አቅፋ እግዚአብሔር ይመስገን ትላለች፤ መልሳ መላልሳ ትላለች። ከዚያ ድንገት ቀጥ ብላ ቆመች።

"ሰምቶኛል?" አለች።

"አንዱም አላመለጠውም" አለች ኖሪን። "ጆሮው ሰፊ ነው ያልሽው አንቺው አይደለሽ?"

ሦስታችንም ሳቅን። ሳቁ ጋብ ሲል ለምን እንደ ሰው ቤት ጠርታ እንዳልነገረችን ጠየቅኳት። ብነግራችሁማ ገና ሳታዩት እንደ ገበያ ኮርማ ጥርሱን ትቆጥሩት ነበር፤ እንደማንኛውም መንገደኛ አይታችሁት፣ ከዚያ መመለሻችን ላይ ልነግራችሁ ነበር አለች። ቀጥላም ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ "ኮልምን ደግሞ ታስታውሳላችሁ" አለች።

አስታወስነው። ኮልም ፖስታ ቤት የሚሠራ ዝምተኛ ሰው ነበር። ኖሪን ሃያ ዘጠኝ ዓመት ሲሆናት እሑድ እሑድ በብስክሌት እየመጣ ሳሎናችን ውስጥ ይቀመጥ ነበር። እኔ አሥራ ሰባት ዓመቴ ነው፤ አረማመዱን እየቀዳሁ ካርሜልን አስቃት ነበር። እናታችን ታለቅስ ነበር። ካርሜል ደግሞ አንድ ቀን ሰውዬው እየሰማ፣ እማማን ማን ሊያይልን ነው ብላ ጠየቀች። በሚቀጥለው እሑድ አልመጣም። ከዚያ ወዲህ በቤታችን ስሙን ያነሳ የለም።

"ኖሪን፣ እኔ..." ብዬ ጀመርኩ።

"ተይው፤ አንቺ ልጅ ነበርሽ" አለች። "እኔ ግን ልጅ አልነበርኩም። እምቢ ብዬ መሄድ እችል ነበር፤ አልሄድኩም። አሁን ግን እምቢ ብትሉም አገባዋለሁ። እሺ ብትሉኝ ደግሞ ደስ ይለኛል።"

"እሺ" አልኳት። ይቺን ቃል ለማለት አርባ አራት ዓመት ዘግይቼ ነበር፤ ቢሆንም ስላት ቀለለኝ።

ካርሜል ግን ወደ አውቶቡሱ ገሠገሠች። ተከተልናት። ማላኪ በሩ አጠገብ ቆሞ ቀድሞውኑ የጸዳውን መስተዋት ያጸዳል፤ ሲያያት ጨርቁን እንደ ጋሻ ደረቱ ላይ ያዘ።

"ነገረችን" አለችው።

"አውቄያለሁ፤ ሳቃችሁን ሰማሁ" አለ። "ከሊመሪክ ጀምሮ እጄ እያላበኝ ነው የነዳሁት። ሲጨንቀኝ አወራለሁ፤ ይቅርታ አድርጉልኝ።"

"ካልጨነቀህስ?"

"ካልጨነቀኝማ የማወራው ጥቂት ነው።"

ካርሜል ከእግር እስከ ራሱ አየችው። ምን እንደምትለው ፈርቼ ነበር። እሷ ግን እጇን ዘርግታ፣ "ጠዋት ያልኩትን ሁሉ ፈርቼ ነው ያልኩት" አለችው። "እኔም ሲጨንቀኝ አወራለሁ።"

ማላኪ እጇን በሁለት እጁ ያዘ። ሚስቱ ከሞተች ስድስት ዓመቷ መሆኑን፣ ልጁ ኮርክ እንደሚኖር፣ ኖሪንን ያወቃት አንድ ሐሙስ አጥወልውሏት መንገድ ዳር ሲያቆምላት እንደሆነ፣ ይህን ሁሉ እዚያው ቆሞ ነገራት። ከዚያ ሰዓቱን አይቶ ተሳፋሪዎቹን ጠራ።

በባሊቮን በኩል ስንመለስ ፊት ለፊት ያለው መቀመጫ ላይ ኖሪንን አስቀመጥናት። ማላኪ ጸጥ ብሎ ነዳ። አንድ ሽማግሌ ከኋላ ማይክራፎኑ ተበላሽቶ እንደሆነ ጠየቁ፤ ካርሜል ዞር ብላ፣ "ደህና ነው አባቴ፤ ሰውዬው ተሽሎት ነው" አለቻቸው። ቀስ በቀስ አውቶቡሱ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ነገሩን ሰማ፤ ኤኒስ ሳንደርስ የማናውቃቸው ሰዎች ከረሜላ እያቀበሉ እንኳን ደስ ያለሽ ይሏት ጀመር።

ሊመሪክ ስንደርስ ሌላው ተሳፋሪ ወረደ፤ እኛ ቀረን። ማላኪ አውቶቡሱን ጠርጎ ጋራዥ ማስገባት ነበረበት። ካርሜል መጥረጊያውን ቀምታው ከኋላ ጀመረች፤ እኔ በየመቀመጫው የተረሳውን ወረቀትና ጠርሙስ ለቀምኩ። አንድ መነጽርና የሕፃን ካልሲ አገኘሁ። ከዚያ አራታችንም የተጠበሰ ዓሣና ድንች ወደሚሸጥበት ቤት በእግር ሄድን። ካርሜልና ማላኪ ከፊት ሆነው የትኛው ቤት ዓሣ እንደሚሻል ይከራከራሉ።

እኔ የኖሪንን ክንድ ይዤ ከኋላ ቀረሁ፤ በዚህ ጊዜ ልቀቂኝ አላለችኝም። የሰውዬው ቤት እንዴት ነው ብዬ ጠየቅኳት።

"ወጥ ቤቱ ጠባብ ነው" አለች። "ጣሪያው በአንድ በኩል ያፈሳል። ክረምት ክረምት ነፋሱ በበሩ ሥር ይገባል። ሁለት ውሾች አሉት፤ አንደኛው ይናከሳል።"

ይህን ሁሉ የነገረችኝ ሀብቷን እንደሚቆጥር ሰው እየተኩራራች ነበር።