አፈ ማርና እምቢተኛው ሙገሴ

ሙገሴ ድንጋይ ነው። መልኩ አመድማ፣ ክብደቱ የጉልበተኛ ወገብ የሚያጎብጥ፣ ለማያውቀው ሰው ከሌላው ድንጋይ የማይለይ። ከልብ ሲያወድሱት ግን ደስ ብሎት ከመሬት ይነሳል፤ በአንድ ጣት እየገፉ የፈለጉበት ይወስዱታል። ቦታው ሲደርስ ዝም ይሉታል፤ ያን ጊዜ ይቀመጣል። እስከ ማግስቱ፣ በደንብ እስኪረጋ ድረስ፣ አጠገቡ ስለማንም ቢሆን ደግ ቃል አይነገርም፤ ከተነገረ ተመልሶ ይነሳላችኋል። ከረጋ ወዲያ ዘላለሙን እንደ ማንኛውም ድንጋይ ነው። ከልብ ባልሆነ ቃል ያወደሰው ደግሞ ወየውለት፣ ከቀድሞው ብሶ ይከብዳል።

ከግንቧ እስከ ጉልላቷ በዚህ ድንጋይ የተሠራች አንዲት ከተማ አለች። እስቲ አስቡት! በየግድግዳው ውስጥ አንድ ሰው ከልቡ የተናገረው ደግ ቃል አለ። የሆስፒታሉ ጣሪያ በትዕግሥቱ ተወድሶ ነው የወጣው። የገበያው ደረጃ «የስንቱን እግር ችለህ ትኖር ይሆን» ተብሎ ነው የተነሳው። እናቶች ልጆቻቸውን ይዘው ሲያልፉ ይህን እያሳዩ ይነግሯቸዋል። እንዲህ ባለ ከተማ መኖር መታደል ነው፤ ሌላ ምን ይባላል?

ድንጋዩን ማወደስ ሥራቸው ከሆነ አወዳሾች ሁሉ አፈ ማር የሚሏትን ሴትዮ የሚያህል አልነበረም። ቤቷ ስትገባ ግን አፏ ይቆለፋል። የእሷ ብቻ አመል እንዳይመስላችሁ፤ አወዳሽ የሆነ ሁሉ ሰውን አያመሰግንም። ለሰው የተሰጠ ቃል ከድንጋዩ የተሰረቀ ነው፣ ምላስም እንደ ጉድጓድ ውሃ ይነጥፋል ብለው ያምናሉ። ባሏ ምን የመሰለ ምሳ ሠርቶ ሲያቀርብላት «ጨው በዝቷል» ትለዋለች፣ ሳይበዛ። ሰውየው ለምዶታል፤ «ምነው ድንጋይ አድርጎ በፈጠረኝ!» እያለ ይስቃል። ልጃቸው ግን አልለመደችውም። ድንጋይ ጠራቢ የሆነችውም የእናቷ ዓይን ከድንጋይ ስለማይነቀል ነበር።

አዲሱ ድልድይ ሊጠናቀቅ አንድ ድንጋይ ቀርቶታል። ከወንዙ ግራና ቀኝ የተነሱት ሁለት ክንዶች መሃል ላይ የሚጋጠሙት በእሱ ነው፤ እስኪገባ ድረስ የተሸከማቸው የእንጨት ርብራብ ነው። ከወንዙ ራስጌ ሰማዩ ጠቁሯል። ወንዙ ከሞላ ርብራቡን ጠራርጎ ይወስደዋል፤ ድልድዩም አብሮ ይሄዳል። መዝጊያውን ድንጋይ እዚያው ወንዙ ዳር የጠረበችው የአፈ ማር ልጅ ናት፤ ለድልድይ ስትጠርብ የመጀመሪያ ጊዜዋ ነው።

አፈ ማር መዳፏን ድንጋዩ ላይ አሳርፋ ጀመረች። ስለ መልኩ ተናገረች፤ ስለ ዕድሜው፣ በላዩ ስለሚሻገሩት ሙሽሮችና ስለሚጣደፉት አዋላጆች። ድንጋዩ ንቅንቅ አላለም። እንዲያውም ከሥሩ ያለው ጠጠር ሲንኮሻኮሽ ተሰማ። እየከበደ ነው።

«እትዬ፣ ይሄ ነገር አልሆነም» አለ ጥድፌ የሚሉት ፎርማን፣ አንዴ ሰማዩን አንዴ እሷን እያየ። «ጠረባው ላይ አንድ ችግር ቢኖር ነው። ሰብረነው ሽማግሌው ጠራቢ ለመጠባበቂያ የጠረበውን ድንጋይ እናምጣ፤ ጊዜ የለንም።»

ልጅቷ መሮዋን ጨብጣ ደርቃ ቀረች። ድንጋዩ የተሰበረበት ጠራቢ ዕድሜ ልኩን ጠጠር ይፈልጣል እንጂ ሁለተኛ ለድልድይ አይጠርብም።

«ተይው እማዬ» አለች ቀስ ብላ። «ይሰበር።»

አፈ ማር ግን ነገሩ ገብቷታል። ያለችው ሁሉ እውነት ነው፤ ከልቧ ግን አልነበረም። በልቧ ያለው ሌላ ነው። ጠዋት ድንጋዩን ዞራ ስታየው ዓይኗ ያረፈው ጎኑ ላይ ባለች ቀጭን ስንጥቅ ላይ ነበር። ሌላ ጠራቢ ቢሆን በድንጋይ ዱቄት ደፍኗት ያልፋል። ልጇ ግን ድንጋዩን አገላብጣ፣ ሁለቱ ክንዶች ሲጫኑት ስንጥቋ ይበልጥ እንድትገጥም አድርጋ ነው የጠረበችው። አፈ ማር ይህን ስታይ ጉሮሮዋ ድረስ የመጣ ቃል ነበር። ዋጠችው።

አሁን ያ ሁሉ ያማረ ምላስ ተንተባተበ።

«ይሄን የጠረበችው... ልጄ ናት። ስንጥቁን አይታ አልሸሸገችውም። እኔ ብሆን ደፍኜው ነበር፤ እውነቴን ነው። እጇን ሳይ እቀናለሁ። በልጅነቷ በር ላይ ጠጠር ስትደረድር እንኳን አንዱ ካንዱ አይዛነፍባትም ነበር። ቆሜ አያት ነበር። አንድ ቀን ጎበዝ ብያት አላውቅም። ፈራሁ፤ ቃሌ የሚያልቅ መሰለኝ።»

ሙገሴ ተነሳ። ሰው ሁሉ እልል አለ። ልጅቷ በአንድ ጣቷ እየገፋች በርብራቡ ላይ ወሰደችው፤ እንባዋ መንገዱን ከልሎባት ሁለቴ ልትደናቀፍ ነበር። እናቷ ከኋላ ከኋላዋ እየተከተለች ማውራቷን አላቆመችም። ድንጋዩ ከሁለቱ ክንዶች መሃል ልክክ ብሎ ገባ።

«በቃ እትዬ! ዝም በይ፣ ይረጋ!» ብሎ ጮኸ ጥድፌ።

አፈ ማር አፏን በመዳፏ ከደነች። ድንጋዩ ተቀመጠ፤ ሲያቃስት የሰነበተው ርብራብም ጸጥ አለ።

ልጅቷ እንባዋን አቧራ በለበሰ እጇ ጠርጋ ፊቷን ጭቃ አደረገችው። «ጨረስሽ?» አለች በሹክሹክታ።

አፈ ማር ድንጋዩን በጎሪጥ አየችውና የልጇን ክንድ ያዘች።

«ገና ምኑ ተነካና! ነይ፣ ይሄ ወደማይሰማበት እንሂድ።»