ወፍራም ወፍራሙን

…ዶሮ ነው እንበላት አለ፣ ዶሮ፣ ዓይኑን በጨው ታጥቦ፣ እንጉዳዩን አድቅቀሽ ክተፊውና ክሬሙ ውስጥ ይጥፋ፣ እማዬ እንደሆነ ዓይኗ ደክሟል፣ ምኑን ከምን ትለየዋለች። ይህን ብሎ ባሏ ቁልፉን አነሳና እናቱን ሊቀበል መናኸሪያ ሄደ፣ እሷ ይኸው ቢላዋ ይዛ ቆማለች፣ ፊት ለፊቷ ጠዋት ከኋላው ክፍል የለቀመችው አንድ ቅርጫት እንጉዳይ፣ አንዱን አንስታ በደረቅ ጨርቅ ትጠርጋለች፣ ደግሞ ሌላውን፣ እንጉዳይ አይታጠብም፣ ከታጠበ ውሃውን ይጠጣና መጥበሻ ላይ ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም፣ ይህን ማንም አልነገራትም፣ ስንቱን አበላሽታ ነው ያወቀችው። ዶሮ። ዶሮ ይብላህ።

አማቷ፣ እማማ ነው የምትላቸው፣ ሦስት ወር ሙሉ ሴት ልጃቸው ዘንድ ሰንብተው ዛሬ ቤታቸው ይገባሉ። ቤታቸው፣ አዎ፣ ቤቱ የእሳቸው ነው፣ ማን ካደ። በስልክ ያሏት ግን እስካሁን ጆሮዋ ላይ ይጮኻል፣ ያንን የጅብ ጥላ ሳልመጣ ከባሌ ክፍል አውጪልኝ፣ በስብሶ የበቀለ ነገር እኔ ቤት አይሰቀልም። እሺ አላለችም። እምቢም አላለችም፣ ምሳ እሠራልዎታለሁ ነው ያለችው፣ ከየት እንደመጣላት እንጃ፣ ይቅመሱትና ያኔ እንነጋገራለን። የባላቸው ክፍል። የባሏ አባት፣ የሟቹ የአባባ፣ የልብስ ስፌት ክፍል ነበር፣ ኮትና ሱሪ ይሰቀልበት የነበረው ረጅም ብረት ዛሬ ጭድ የታጨቀባቸው ሃያ ስድስት ከረጢቶች ተሸክሟል፣ በየጎናቸው ጆሮ የመሰለ ነጭ እንጉዳይ አውጥተው። አባባ በሕይወት ቢኖሩ ኖሮ ልትል ትጀምርና ትተወዋለች፣ የሞተ ሰው ለምስክርነት መጥራት ምን ይሉታል፣ ራሷ አለች አይደል።

እጇ ከሐሳቧ ቀድሞ ሦስቱን እንጉዳይ አድቅቆ ከትፏል፣ ታዛዥ እጅ፣ ቅርጻቸው ጠፍቶ ሽንኩርት ይሁኑ ሌላ ነገር አይለይም። ቆይ። ቆይ እስቲ። እማማ ሳያውቁ በሉት እንበል፣ ጣፈጣቸው እንበል፣ እጅሽ ይባረክ፣ ዶሮው እንዴት ለስልሷል አሉ እንበል፣ ከዚያስ? ከሰዓት በኋላ ከረጢቶቹ ይወጣሉ፣ ምክንያቱም እማማ የወደዱት ዶሮ ነው እንጂ እንጉዳይ አይደለም፣ እሷ ደግሞ ተመሰገንኩ ብላ ጭዱን ተሸክማ ትጥላለች። ባልየውስ? የምትሸጠውን እንጉዳይ በካርቶን ለምግብ ቤቶች የሚያደርሰው እሱ፣ ሚስቴ ጎበዝ ናት እያለ ለሰው የሚያወራው እሱ፣ እስከዛሬ አንዲት ቁራጭ አፉ አስገብቷል? ዛሬ ጨጓራዬ ነው፣ ነገ ጠግቤያለሁ፣ ከነገ ወዲያ እስቲ ሌላ ጊዜ። ይድቀቅ ያለው ለእናቱ ዓይን ብቻ አይደለም፣ ለራሱም ነው፣ አሁን ገባት፣ ፊቷ ጋለ። ቢላዋውን ታስተካክላለች። ወፍራም ወፍራሙን። ጣት ጣት የሚያህል፣ ከነግንዱ፣ ከነጆሮው፣ ያየ ሰው ምን እንደሆነ እንዳይጠፋው።

በአንዱ ምድጃ ፓስታው ይቀቀላል፣ በሌላው መጥበሻው ይግላል። ቅቤ፣ ጠብታ ዘይት፣ እንጉዳዩ ሲገባ ይጮኻል፣ ከዚያ ዝም፣ ውሃውን አወጣ፣ በገዛ ውሃው ይዋኛል፣ እዚህ ላይ ነው ሰው ሁሉ የሚሸነፈው፣ ተበላሸ ብሎ ክሬም የሚደፋበት፣ ጨው የሚነሰንስበት፣ እሷ ግን እጇን አጣጥፋ ትጠብቃለች፣ መጠበቅ ታውቅበታለች፣ ትሠራበት የነበረው የጭማቂ ፋብሪካ ለጊዜው ነው፣ እንጠራሻለን ብሎ የላቦራቶሪ ጋዋኗን ተቀብሎ ከሸኛት ሁለት ዓመት ሞላ፣ የመጀመሪያውን ስድስት ወር ስልክ አቅፋ ነው ያሳለፈችው፣ እማማ ያኔ ምስኪኗ ምራቴ ይሏት ነበር፣ ምስኪን ስትሆን ተስማምታቸው ነበር፣ ደህና ስትሆን ነው የከፋቸው። ቸስ። ይኸው፣ ውሃው አለቀ፣ ድምፁ ተመለሰ፣ ጠርዙ ቡናማ ሆነ፣ አሁን ነጭ ሽንኩርት፣ አሁን ጨው፣ አሁን ቁንዶ በርበሬ።

ክሬሙን ልታወጣ ማቀዝቀዣውን ትከፍታለች፣ ከጎኑ ባሏ ምናልባት ብሎ የገዛው የዶሮ ሥጋ በላስቲክ ተጠቅልሎ ተቀምጧል፣ ምናልባት፣ እንዴት ያለ ጨዋ ቃል ነው፣ እንጉዳዩን ገለል አድርጋ ይህንን ቆረጥ ቆረጥ ብታደርገው አሥር ደቂቃ አይፈጅም፣ ማንም አይቆጣም፣ ምሳው በሰላም ይበላል። ፈርታለች፣ አዎ ፈርታለች፣ ያ ክፍል ከሄደ ሌላ ክፍል የላትም፣ ተመልሶ ስልክ ማቀፍ ነው። ቢሆንም። ቢሆንም ዶሮው እዚያው ይቀመጥ። በሩን በጉልበቷ ትዘጋዋለች፣ ክሬሙን ቀስ አድርጋ ታፈሳለች፣ እሳቱን ዝቅ፣ ከተንተከተከ ይበጣጠሳል፣ ከፓስታው ውሃ አንድ ጭልፋ፣ ወፈር አለ፣ የማማሰያውን ጀርባ ሸፈነ፣ ትቀምሰዋለች። እንዴት ይጣፍጣል። ምን ጨመርኩበት፣ እልህ ነው እንዴ የጨመርኩበት።

የበሩ ቁልፍ ይዞራል። እማማ ይገባሉ፣ ሻንጣቸው በባሏ እጅ፣ ጉንጯን ይስሟታል፣ ከሳሽ ይሏታል፣ አልከሳችም፣ እጃቸውን ታጥበው ይቀመጣሉ፣ ሳህኑን ፊታቸው ታቀርባለች፣ እንጉዳዩ ከፓስታው በላይ ተጋድሟል፣ ባሏ እሱን ያያል፣ እሷን ያያል፣ ጉሮሮውን ይጠርጋል፣ እማዬ እንግዲህ ይሄ ዶ… አላስጨረሰችውም፣ እንጉዳይ ነው እማማ፣ ትላለች፣ ዛሬ ጠዋት ከአባባ ክፍል የለቀምኩት። እማማ ሹካውን መልሰው ያስቀምጣሉ። አውጪ አላልኩሽም? ብለውኛል። እና? አላወጣሁትም፣ አላወጣውምም፣ ሥራዬ ነው፣ ቤቱ የእርስዎ ነው፣ ከፈለጉ እኔንም አብረው ያውጡኝ፣ ዶሮ ነው ብዬ ግን አላበላዎትም።

ባሏ የጠረጴዛው ጨርቅ ላይ ያፈጥጣል። እማማ ልጃቸውን አይተው፣ ሳህኑን አይተው፣ ማን ሊበላው ነው ይሄን? እኔ፣ ትላለች፣ ወንበሯን ትስባለች፣ ሳህኗን ትሞላለች፣ ትልቁን ቁራጭ መርጣ ትጎርሳለች፣ እያዩዋት ታላምጣለች፣ አትቸኩልም፣ ክሬሙ ከንፈሯ ላይ ይቀራል፣ አትጠርገውም። ሁለተኛ ትጎርሳለች። ሦስተኛ። ባሏ ሹካውን ያነሳል፣ ያስቀምጣል፣ እንደገና ያነሳል፣ የራሱ ጉዳይ። የእማማ ዓይን አፏ ላይ ነው፣ ደክሟል የተባለው ዓይን፣ አንድም አያመልጠው።

ጨው ያንሰዋል፣ ይላሉ በመጨረሻ፣ ሳህናቸውን በአንድ ጣት ወደ ራሳቸው ሳብ አድርገው።

አፏ ውስጥ ያለውን ትውጣለች፣ ውሃ ትጠጣለች። ሳይቀምሱት በምን አወቁ እማማ፣ ትላለች፣ ወደ ምግቧ ትመለሳለች።