የአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ጥርስ

ልብስ ሰፊዋ መንትዮቿን የወለደቻቸው በአንድ ሌሊት ነው፤ ሴቷን አስቀድማ፣ ወንዱን ከሃያ ደቂቃ በኋላ። ለአሥራ ስድስት ዓመት ይህን የተጠራጠረ ሰው አልነበረም። መጠራጠር የጀመረው ፍርድ ቤቱ ነው።

ልጆቹን እዚያ ያደረሳቸው የትምህርት ቤቱ ደወል ነበር። ሴቷ ለሒሳብ ፈተና አልተዘጋጀችም፤ የትምህርት ቤቱ ደንብ ደግሞ ማንኛውም ፈተና በደወል ይጀመራል፣ በደወል ያልቃል ይላል። ስለዚህ በማለዳ ወንድሟን አስከትላ ሄደች። እሱ ትከሻውን ሰጣት፣ እሷ ደወሉን ከሰንሰለቱ ፈታች፣ ሁለቱም ተጋግዘው ከአትክልተኛው ክፍል ጀርባ ፍግ ክምር ውስጥ ቀበሩት። ስድስት መቶ ተማሪ የፈተናውን ወረቀት ገልብጦ እንዳስቀመጠ እስከ ቀትር ቁጭ አለ። ርዕሰ መምህሩ በፊሽካ መጀመር ይቻል እንደሆነ ለበላይ አካል በደብዳቤ ጠየቀ፤ መልሱ እስካሁን አልመጣም። በሦስተኛው ቀን ልጆቹ ተያዙ። ሳይመቱና ሳይለመኑ አመኑ።

ክሱ የሕዝብ አገልግሎት ማስተጓጐል ይላል። ከአሥራ ስምንት ዓመት በታች የሆነ ልጅ ይህን ቢያደርግ ተገሥጾ ወደ ቤቱ ይሄዳል። ከአሥራ ስምንት በላይ የሆነ ግን ሁለት ዓመት ይታሰራል። እናት ይህን ስትሰማ ደረቷን ነፋች፤ እንኳን ለአሥራ ስምንት፣ ለአሥራ ሰባትም ገና ናቸው። ችግሩ የተወለዱበት ጤና ጣቢያ መዝገብ ነው፤ ምስጥ በልቶታል። ስለዚህ ሁለቱም ወደ ዕድሜ ገማች ቦርድ ተላኩ። የቦርዱ ሐኪም የእጅ አንጓቸውን አየ፣ አፋቸውን አስከፈተ፣ ጻፈ። ሴቷ አሥራ ስድስት፤ ወንዱ አሥራ ዘጠኝ።

የልጆች ችሎት ዳኛ ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበችው። መነጽሯን ግንባሯ ላይ የምትሰቅል፣ ተናግራ የማትቆጣ፣ ደንብ ግን አንዲት ፊደል የማትዘል ሴት ነበረች።

«እስኪ ያስረዱኝ» አለቻት እናትን። «በሁለቱ መካከል ሦስት ዓመት አለ።»

«ሃያ ደቂቃ ነው ያለው፣ ክብርት ዳኛ።»

«በምን ያውቃሉ?»

«እዚያው ነበርኩ።»

ዐቃቤ ሕጉ ተነሣ። ሰውዬው ክፉ አልነበረም፤ በወር አንድ የአዋቂ መዝገብ አስከፍቶ ካላዘጋ አለቃው የሚቆጣበት፣ ወሩም እያለቀበት ያለ ሰው ነው። በወሊዱ ቦታ መገኘቷን እንደማይክድ፣ ነገር ግን በጉዳዩ ጥቅም ያላት በመሆኗ ምስክርነቷ ክብደት እንደሌለው አስረዳ። ሐኪሙም ተጠርቶ መጣ። መንትያ መሆናቸውን ያውቅ እንደሆን ሲጠየቅ፣ ቦርዱ የተላከለትን ሰው አንድ በአንድ እንደሚያይና ዝምድና የመመርመር ሥልጣን እንዳልተሰጠው መለሰ። ውሃ ቢወቅጡት መልሶ እምቦጭ።

ከሁሉ የተቸገረው አጃቢ ፖሊሱ ነበር። ሕፃን የሚያጅብ ፖሊስ ልጁ እንዳይደነግጥ ሲቪል ይለብሳል፣ ካቴናም አይዝም። አዋቂ የሚያጅብ ደግሞ ሙሉ ዩኒፎርም ለብሶ እስረኛውን በካቴና ያስራል። ሁለቱን በአንድ ኮሪደር አምጣ ተባለ። አስቦ አስቦ ከላይ የዩኒፎርም ጃኬት፣ ከታች ጂንስ ለብሶ መጣ፤ ወንዱን በካቴና በስተግራ፣ ሴቷን በነፃ በስተቀኝ አድርጎ። ሴቷ ልጅ ያገኘችውን ዕድል የምታባክን አይደለችም። ዕድሜዋን ሙሉ በሃያ ደቂቃ ታላቅነቷ ስትመጻደቅ ለኖረችበት ወንድሟ ወንበር ሳበችለትና ጎንበስ አለች።

«ጋሼ፣ ይቀመጡ እንጂ። ወገብዎን እንዳያምዎት።»

ዳኛዋ የወንዱ መዝገብ ተገንጥሎ ወደ አዋቂዎች ችሎት እንዲዛወር አዘዘች። የማዛወሪያው ደብዳቤ ግን ማኅተም ያስፈልገው ነበር፤ ማኅተሙን የያዘችው ጸሐፊ ደግሞ እስከ ሰኞ ፈቃድ ላይ ነች። ማኅተም የሌለው ደብዳቤ ሰው አያሳስርም። ስለዚህ ልጁ እስከ ሰኞ በእናቱ ፊርማ ቤቱ ይቆይ ተባለ።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ ልብስ ሰፊዋ ስፌት መኪናዋ ላይ ተቀምጣ የቦርዱን ወረቀት እንደ ልብስ ልኬት አነበበችው። አንጓው፦ አሥራ ስድስት። የፊት ጥርሱ፦ አሥራ ስድስት። ቁመቱ፣ ድምፁ፣ አሥራ ስድስት። ከታች በስተቀኝ የመጨረሻው መንጋጋ ጥርስ በመውጣቱ፦ አሥራ ዘጠኝ። ሦስቱ ዓመት በሙሉ ያለው አንድ ጥርስ ላይ ነው። በሃያ ዓመት የስፌት ሥራዋ የተማረችው ነገር ቢኖር የረዘመ ልብስ እንደማይለቀስለት ነው። የረዘመ ይቆረጣል።

ቅዳሜ ጠዋት ልጇን ጥርስ ሐኪም ዘንድ ወሰደችው። ሐኪሟ ወጣት ነች፤ በትንሽ መስታወቷ አየችና ጥርሱ ጤነኛ መሆኑን ተናገረች።

«እሱማ ጤነኛ ነው» አለች እናት። «የበሽታ ቢሆን እኮ በራሱ ጊዜ ይወድቅልን ነበር።»

ሰኞ ልጁ ጉንጩ እንደ ዳቦ ተነፍቶ ችሎት ቀረበ። እናት ልጇ እንደገና እንዲታይላት አመለከተች። ሐኪሙ እዚያው መስኮት ሥር አፉን አስከፈተው፤ በደንቡ መሠረት ሌላ ወረቀት አወጣ፤ ያየውንም ጻፈ። አሥራ ስድስት።

ዐቃቤ ሕጉ ይህ ማስረጃ ማጥፋት ነው ሲል፣ ልብስ ሰፊዋ ከቦርሳዋ የቁልፍ ማስቀመጫ ቆርቆሮዋን አወጣች። በጨርቅ ቁራጭ የተጠቀለለውን ጥርስ ዳኛዋ ጠረጴዛ ላይ አኖረችው። ምንም ነገር እንዳልጠፋ፣ ያውላቸው፣ እንደፈለጉ እንዲያደርጉት ተናገረች።

ዳኛዋ መነጽሯን ከግንባሯ አወረደች። ጥርሱን ተመለከተችው፣ ልጁን ተመለከተችው፣ ከዚያም ደንቡን ገለጠች። ቦርዱ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ነው ብሎ ወስኗል፤ ውሳኔው በይግባኝ አልተሻረም። ቦርዱ አሥራ ስድስት ዓመት ነው ብሎም ወስኗል፤ ይህም አልተሻረም። ሁለቱ ውሳኔዎች በአንድ ሰው ላይ ቢሆኑ ይጋጫሉ። አሁን ግን በአንድ ሰው ላይ አይደሉም። ስለዚህ የአሥራ ስድስት ዓመቱ ልጅ እዚሁ ከእህቱ ጋር እንዲዳኝ፣ የአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ጥርስ ደግሞ ወደ አዋቂዎች ችሎት እንዲዛወር አዘዘች። ማኅተሙ ተመታ። ዐቃቤ ሕጉ ሊቃወም አፉን ከፈተና ስለ ወሩ መጨረሻ አሰበ። የአዋቂ መዝገብ የአዋቂ መዝገብ ነው። ተቀመጠ።

መንትዮቹ ተገሠጹ። ተግሣጹ አርባ ደቂቃ ፈጀ። ሴቷ በመሃል አዛጋች፣ ለዚያም ለብቻዋ ተገሠጸች። ከዚያ መዝገባቸው በሰም ታሸገ፤ የልጆች መዝገብ ዝግ ነውና እዚያ ክፍል የተባለውን ማንም ሰው በሌላ ችሎት ሊያነሣው አይችልም።

ልብስ ሰፊዋ ነገሩ በዚህ ያለቀ መስሏት የሰው ሱሪ ስታሳጥር፣ ረቡዕ ለምስክርነት መጥሪያ መጣላት። ዐቃቤ ሕጉን አለቃው ጠርቶት ነበር፤ መዝገቡ ላይ ሰው እንዲጨምርበት ተነግሮታል። በቀጠሮው ቀን ልጇን አስከትላ ሄደች፤ የጉንጩ እብጠት ገና ስላልጎደለ ትምህርት ቤት አልገባም። ኮሪደሩ ላይ አጃቢ ፖሊሱን አገኘችው። አሁን ከኮፍያው እስከ ጫማው ዩኒፎርም ነው፤ እንዲያውም ደስ ብሎት ነበር፣ ምን መልበስ እንዳለበት አልጠፋበትም። በእጁ ጥርሱ ያለበት ትንሽ ፖስታ ይዟል፤ ፖስታው በካቴናው አንድ ቀለበት ውስጥ ተሸብልሎ ገብቷል።

«እናቴ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ» አላት ዝቅ ብሎ። «ባለቤቱን ካገኙት ከነባለቤቱ ነው የሚያስሩት። ልጁን እዚህ ተዪው፣ አይግባ።»

ልጇን አግዳሚ ወንበር ላይ አስቀምጣ ገባች። መዋሸት አትችልም፤ ከሃይማኖትም ከምንም አይደለም፣ ስትዋሽ ጆሮዋ ይቀላል። ሰፈሩ ሁሉ ያውቀዋል። ደንበኞቿ ልብሳቸው ደርሶ እንደሆነ ሲጠይቋት አፏን አይሰሙም፣ ጆሮዋን ነው የሚያዩት።

የአዋቂዎች ችሎት ዳኛ ደክሞት የተወለደ የሚመስል ሽማግሌ ነው። ፖስታው የተከሳሽ ሳጥን መደገፊያ ላይ ተቀመጠ። ዳኛው መዝገቡን ሲያነብ ቀና አላለም። ዕድሜ አሥራ ዘጠኝ። ሥራ የለውም። የትምህርት ደረጃ ያልታወቀ። ድርጊቱን ፈጽመሃል ወይ ብሎ ጠየቀ፤ መልስ አልመጣም። ክዶ ተከራክሯል ተብሎ ተመዘገበ።

እናት እጇን አንሥታ ማለች። ዐቃቤ ሕጉ ቀረበ። የሚያውቀውን ያውቃል፤ የሰማው ግን በዝግ ችሎት ስለሆነ ከእሱ አፍ መውጣት አይችልም። ከእሷ አፍ መውጣት አለበት።

«ይህን ጥርስ ያውቁታል?»

ልብስ ሰፊዋ ጎንበስ ብላ ወደ ፖስታው ውስጥ አየች። ጥርስ ከጥርስ በምን እንደሚለይ እንደማታውቅ፣ ጨርቅ ቢሆን ኖሮ ግን ከሽመናው ትለየው እንደነበር ተናገረች። ይህ እውነት ነው። ጆሮዋ አልቀላም።

«የልጅዎ ጥርስ አይደለም?»

ፖሊሱ ጣሪያውን ተመለከተ። እሷ ያን ሌሊት አሰበች፤ ቀድሞ የመጣችውን ጯሂ፣ ከሃያ ደቂቃ በኋላ ሰነፍ ሰነፍ እያለ የመጣውን፣ አዋላጇ ቁልቁል ይዛ ጀርባውን መታ ስታደርገው የከፈተውን ቀይ ባዶ አፍ።

«እኔ የወለድኩት ልጅ» አለች «ጥርስ አልነበረውም።»

ዳኛው ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና አለ። «አንድም?»

«አንድም፣ ክቡር ዳኛ። ድድ ብቻ ነበር።»

ዐቃቤ ሕጉ ነገሩን ከሰፈሩ ሰው ሰምቶ ኖሮ ጆሮዋን አየ። ጆሮዋ እንደ ማንኛውም ሰው ጆሮ ነበር። አንድ ነገር ሊል ጀመረ፣ የታሸገው ሰም ትዝ አለውና ጉሮሮውን ጠራረገ። ሌላ ምስክር እንዳለው ተጠየቀ። አልነበረውም። ዳኛው ተከሳሹ ባለቤትም ዘመድም የሌለው መሆኑን አስመዘገበ፤ የመጨረሻ ቃል ካለው እንዲናገር ዕድል ሰጠው። ሕጉ ለዚህ አንድ ሙሉ ደቂቃ ይፈቅዳል፤ ዳኛውም የግድግዳውን ሰዓት እያየ አንዱን ደቂቃ ሳያጎድል ጠበቀ። ሁሉም ቆመው ነበር፣ እሷም ቆመች። ከዚያ ዳኛው ምንም ዓይነት ጸጸት አለማሳየቱን ጠቅሶ ሁለት ዓመት ፈረደበት። ፖሊሱ ሰላምታ ሰጠ፣ ፖስታውን በካቴናው እንዳለ አነሣና ይዞት ወጣ።

ልጇ አግዳሚው ላይ ጉንጩን ይዞ ተቀምጧል።

«ስንት ፈረዱበት?»

«ሁለት ዓመት።»

ትንሽ አሰበ። ከዚያ በግራ በኩልም ከጠዋት ጀምሮ ድዱ እያሳከከው እንደሆነ ነገራት። አገጩን ይዛ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረች፣ አፉን አስከፈተች፣ ጎንበስ ብላ አየች። ከታች በስተግራ፣ ከሁሉ ጥግ፣ ድዱ ላይ የመርፌ ጫፍ የምታክል ነጭ ነገር ብቅ ብላለች።

የችሎቱ በር ተከፈተ። ዐቃቤ ሕጉ መዝገቦቹን በብብቱ ይዞ ወጣ፣ አያቸው፣ ቆመ። ጨዋ ሰው ነውና እንዴት ዋላችሁ አላቸው። ልጁም ያሳደገችው ጨዋ ልጅ ነውና ሊመልስ ሲል፣ እናቱ አፉን በመዳፏ ግጥም አድርጋ ይዛ ለሁለታቸውም እሷ መለሰች፦

«እግዜር ይመስገን። እርስዎስ እንዴት ዋሉ?»