ቀይ ክር የታሰረበት ጠርሙስ

«ዛሬ አንተ ቅመስልኝ፤ እኔ ጾመኛ ነኝ» አለች አይብ ሻጯ ስቶያንካ፣ በቢላዋዋ ጫፍ ትንሽ ካይማክ ዝቃ ወደ ቮያ እያቀረበች። «ጨው በዝቶበት እንደሆነ አሁኑኑ ንገረኝ፤ እንግዶችህ ፊት እንዳላፍር።»

ቮያ ቀመሰ። ካይማኩ ደህና ነበር፤ ከፈላ ወተት ላይ ተገፍፎ ሰንበት ያለ፣ ምላስ ላይ የሚቀልጥ። እሱ ግን ጣዕሙን ልብ አላለውም። ዓይኑ የሴትዮዋን ትከሻ አልፎ ቀጥሎ ያለው ጠረጴዛ ላይ ቀርቷል። የአረቄ ሻጩ የጋሽ ራዶይጻ ጠረጴዛ ነው። ጠርሙሶቹ እንደ ወትሮው ተደርድረዋል፤ ከኋላቸው የቆመው ግን ጥቁር ሸሚዝ የለበሰ፣ ጺሙን ያልተላጨ ጎልማሳ ነው። ከጎኑ ባለው ምሰሶ ላይ ዳር ዳሩ የጠቆረ ወረቀት ተለጥፏል። እኛ አገር እንዲህ ያለውን የሞት ማስታወቂያ ለማንበብ መቅረብ አያስፈልግም፤ የሽማግሌው ፎቶ ይበቃል።

«መቼ?» አለ ቮያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

«አልሰማህም እንዴ? በበረዶው ሰሞን። አርባቸው የፊታችን ቅዳሜ ነው።» ስቶያንካ አማተበች። «አፈሩ ይቅለላቸው። ማታ ደህና ገብተው ጠዋት አልነቁም። ያ ልጃቸው ነው፣ ጎይኮ።»

በብርዱ ወራት ጎብኚ ስለማይመጣ ቮያ ገበያውን አልረገጠም ነበር። ሞት ሲዘገይ የቀረ ይመስላልና፣ ሽማግሌው ከዚያ ጠረጴዛ ኋላ የሚጠፉበትን ቀን አስቦት አያውቅም። መጀመሪያ የደነገጠው ለእሳቸው አልነበረም፤ ለራሱ ነው። ይህንንም ሲያውቅ አፈረ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ቮያ የረጅም መንገድ አውቶቡስ ሹፌር ነበር። መጠጥ መሪውን አስጣለው፤ ሚስቱን ኦሊቬራንም ሊያሳጣው ትንሽ ነበር የቀረው። ታክሞ ከወጣ በኋላ ያገኘው ሥራ ይህ ነው፤ ባዕዳንን ይዞ ገበያ እየዞረ አይብ፣ የቀይ ቃሪያ ድልህ፣ በጭስ የደረቀ ሥጋ ማስቀመስ። ሥራውን ይወደዋል። አንድ እንከን ብቻ አለበት፤ ጉብኝቱ የሚያበቃው አረቄ ጠረጴዛ ዘንድ ነው፣ ጽዋ የሚያነሳውም አስጎብኚው ነው። በድርጅቱ ማስታወቂያ ላይ ያለው ፎቶ ራሱ ቮያ ብርጭቆውን ከፍ አድርጎ ሲስቅ ነው። ለድርጅቱ ባለቤት ለቢሊያና ግን የመጠጥ ታካሚ እንደነበረ አልነገራትም። ጠርሙስ የጣለውን ሰው ማን ወስዶ አረቄ ፊት ያቆመዋል?

በመጀመሪያው ቀን ጋሽ ራዶይጻ ሲቀዱለት እጁ ተንቀጠቀጠ። ሽማግሌው አዩት። አረቄ አንድ ወንድማቸውን ገድሎባቸዋል፤ እንዲህ ያለ እጅ ያውቃሉ። ብርጭቆውን ተቀበሉት፤ ጎንበስ ብለው ከጠረጴዛው ሥር ሌላ ጠርሙስ አወጡና ቀዱለት። ውሃ ነበር። በሳምንቱ ሲመለስ የዚያ ጠርሙስ አንገት ላይ ቀይ ክር ታስሮ አገኘ። ስለ ነገሩ አንድም ቀን ተነጋግረው አያውቁም። ከዚያ ወዲህ ቮያ ውሃውን ጨልጦ ፊቱን ያጨማድድ ነበር፤ እውነተኞቹ ጠጪዎች እንኳ እንደሱ አያጨማድዱም።

«ቮያ! ሰዓቱ ሄደ፤ ወደ አረቄው አሳልፋቸው» አለች ቢሊያና ከጎብኚዎቹ ከሆላንዳውያኑ ኋላ ሆና። ዛሬ የመጣችው ሥራውን ልታይ ነው። የዘንድሮውን ጉብኝት ለእሱ ትተወው ወይስ ለአንድ ወጣት አስጎብኚ ትስጠው ገና አልወሰነችም፤ ይህንንም ጠዋት በግልጽ ነግራዋለች።

«ዛሬ ማሩን ብናስቀድምስ?»

«በማር ጽዋ ይነሳል? ሰዎቹ ፎቶ ይፈልጋሉ። ደግሞስ ምን ሆነሃል? አላበህ እኮ።»

«ሽማግሌው አርፈዋል።»

«አየሁ፤ ነፍስ ይማር። እንግዲያማ የግድ መጠጣት አለብን።»

እውነቷን ነው። ሐዘንተኛ የሟቹን አረቄ ይዞ ቆሞ ሳለ ሳይቀምሱ ማለፍ፣ ለቅሶ ቤት ደርሶ ሳይቀመጡ እንደመውጣት ነው። ቮያ እግሩን እየጎተተ ሄደ።

«እግዚአብሔር ያጽናህ» አለ እጁን ዘርግቶ።

ጎይኮ ጨበጠው፤ ቶሎ ግን አልለቀቀውም። «ቮያ እርስዎ ነዎት? አባቴ ስለ እርስዎ ያወራልኝ ነበር። ስመጣ ማለቴ ነው፤ ብዙም አልመጣም ነበር።»

ለእንግዶቹ ብርጭቆ አደለና የፕሪም አረቄ ቀዳላቸው። የቮያን እስከ አፉ ሞላው። «እርስዎ ወዳጁ ነበሩ፤ ሙሉ ይገባዎታል» አለ። ሲናገር ፈገግ አላለም።

ቢሊያና ለሆላንዳውያኑ ለሙት ሲጠጣ ብርጭቆ እንደማይጋጭና መሬት ላይ ጠብ እንደሚደረግ አስረዳቻቸው። እነሱም ፊታቸውን አኮሳትረው ጠብ ጠብ አደረጉ፤ አንዱማ ጫማው ላይ አፈሰሰው።

«እግዚአብሔር ነፍሱን ይማር» አለ ጎይኮ፤ ጨለጠ። ሁሉም ጠጡ።

ቮያም ጠብታውን አፍስሶ ብርጭቆውን ወደ ከንፈሩ አነሳ። ሽታው አፍንጫው ገባ። ምራቁ አፉን ሞላው፤ ከሁለት ዓመት በኋላም አንጀቱ አልረሳም። አንዲት ጉንጭ ናት አለ በልቡ፤ ለዚያውም ለሙት ነፍስ፤ ኦሊቬራ ብታውቅም ይገባታል። አንዲት ጉንጭ ናት ብሎ ስንት ጊዜ እንደጀመረም ያውቃል። ፈራ።

«አይጠጡም?» አለ ጎይኮ።

«እጠጣለሁ፤ አትቸኩል።»

«ወይስ ይሄኛው አይስማማዎትም?» ጎይኮ ጎንበስ ብሎ ከጠረጴዛው ሥር አንድ ጠርሙስ አወጣ። አንገቱ ላይ የታሰረው ቀይ ክር ደብዝዟል። «ድሮ ከዚህ ነበር አሉ የሚቀዳው።»

«ምንድነው እሱ?» አለች ቢሊያና።

«ውሃ!» ቡሹን ነቅሎ አፍንጫዋ ሥር ያዘላት። «የቧንቧ ውሃ! አባቴ ደብቆት አገኘሁት። አረቄው ላይ አንዲት ጠብታ ውሃ አይጨምርም ብዬ የምምልለት አባቴ! እትዬ ስቶያንካ ያየችውን ራሷ ትንገራችሁ።»

ስቶያንካ ቢላዋዋን በጨርቅ መወልወል ጀመረች። «ሙት ወቃሽ አያድርገኝ፤ እኔ ያየሁትን ነው። እንግዳ በመጣ ቁጥር ከእሱም ይቀዱ ነበር። ለማን እንደሆነ አላየሁም፤ ዓይኔ ሥራዬ ላይ ነው።»

ዓይኗ ሥራዋ ላይ የዋለበትን ቀን ግን በገበያው የሚያውቅ የለም።

«ግማሹ ገበያ ይሄንኑ ነው የሚያወራው» አለ ጎይኮ። «የራዶይጻ አረቄ ውሃ ነበር ይላሉ። ቅዳሜ አርባው ላይ የማቀርበው ይሄንኑ አረቄ ነው፤ ማን ይጠጣልኛል? እንግዳ የምታመጣለት አንተ ነህ። አብራችሁ ነበር ሰዎቹን ስታታልሉ የኖራችሁት? ንገረኝ!»

«እርስዎ» ማለቱን ትቶታል። ሆላንዳውያኑ ቋንቋውን ባይሰሙም ጠብ መሆኑ ገባቸው፤ አንዷ ስልኳን ቀስ ብላ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች።

ቢሊያና የቮያን ክርን ይዛ ወደ ራሷ ሳበችው። «ስማኝ» አለች በሹክሹክታ። «አንተ አላወቅክም ነበር፤ አይደል? ያደረጉት ሽማግሌው ናቸው። እንዲህ በለውና እንሂድ። ሌላ አረቄ ሻጭ አይጠፋም። ዘንድሮን ላንተ ልተወው ነበር ሐሳቤ፤ በዚህ አታበላሸው።»

ራሱን መነቅነቅ ብቻ ነበር የሚጠበቅበት። ሙት ተነስቶ አይመሰክርም። አንዲት ጉንጭ አረቄና አንድ የራስ ንቅናቄ፤ ከዚያ ሥራውም ይተርፋል፣ ምስጢሩም ይተርፋል። ቮያ ምሰሶው ላይ ያለውን ፎቶ አየ። ለመታወቂያ የተነሱት ሳይሆን አይቀርም፤ ኮስተር ብለዋል። ውሃውን ሲቀዱለትም እንደዚሁ ኮስተር ይሉ ነበር።

ብርጭቆውን ከከንፈሩ አራቀ። ክንዱን ዘርግቶ ዘቀዘቀው። አረቄው እስከ መጨረሻዋ ጠብታ መሬት ላይ ፈሰሰ።

«ምን ማለትህ ነው?» ጎይኮ ጠረጴዛውን ዞሮ መጣበት። «የአባቴን አረቄ ትደፋለህ? ለሙት ጠብታ ነው የሚፈሰው!»

«ሁሉም የእሳቸው ነው» አለ ቮያ። «ውሃው ነው የእኔ። ከዚያ ጠርሙስ ከእኔ በቀር ለማንም ቀድተው አያውቁም። እኔ ሰካራም ነበርኩ፣ ጎይኮ። ከተውኩ ሁለት ዓመት ሆነኝ፤ አንዲት ጠብታ ከቀመስኩ ግን ተመልሼ እገባበታለሁ። አባትህ በመጀመሪያው ቀን እጄን አይተው አወቁ። ሰው ፊት እንዳልዋረድ ብለው ውሃ ይቀዱልኝ ነበር። እንዳይሳሳቱም ክር አሰሩበት። ለማንም አልተናገሩብኝም፤ ላንተም ጭምር።»

ጎይኮ ጠርሙሱን እንደያዘ ቆመ። በአውራ ጣቱ ክሩን ነካ ነካ አደረገው።

«አጎቴም እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር» አለ በመጨረሻ። ዓይኑ ቀልቷል። «እኔ ደግሞ ወር ሙሉ አባቴን በልቤ ስሰድበው ከረምኩ።»

«ለእኔም አልነገርከኝም» አለች ቢሊያና።

«አልነገርኩዎትም። ብነግርዎት ይቀጥሩኝ ነበር?»

ቢሊያና መነጽሯን አወለቀች፣ መልሳ አደረገች። «ነገ ቢሮ ና» አለች።

«እኔስ ለማን እንደሆነ አላየሁም ብዬ የለ?» አለች ስቶያንካ።

«አሁን አይተሻል» አለ ቮያ። «ያኛውን ለገበያው ሁሉ እንዳዳረስሽው ይሄንንም አዳርሺው። ስሜን ጠርተሽ።»

ጫማው ላይ አረቄ ያፈሰሰው ሆላንዳዊ ምን እንደተፈጠረ በእንግሊዝኛ ጠየቀ። ቢሊያና ወደ ቮያ ዞራ፣ «ባህል ነው ልበላቸው?» አለችው።

«ተይ… ይቅርታ፣ ይተዉት። እኔ ነኝ የምነግራቸው።» ባዶ ብርጭቆውን ወደ ጎይኮ ዘረጋ። «መጀመሪያ ግን ከዚያኛው ቅዳልኝ።»

«በውሃ ጽዋ አይነሳም፤ ገደቢስ ነው» አለች ስቶያንካ።

«ሁለት ዓመት አንስቼበታለሁ፤ እስካሁን ቆሜያለሁ።»

«ይሄ የከረመ ነው» አለ ጎይኮ። የጠርሙሱን ውሃ ደፍቶ ዓሣ ሻጮቹ ዘንድ ወዳለው ቧንቧ ሄደ። ተመልሶ መጣና ብርጭቆውን እስከ አፉ ሞላለት።

«ለጋሽ ራዶይጻ ነፍስ» አለ ቮያ። ጠብታ መሬት ላይ አፈሰሰና ጨለጠው። በዚህኛው ጊዜ ፊቱን አላጨማደደም።

ጎይኮ ጠርሙሱን ወደ ጠረጴዛው ሥር ሊመልስ ጎንበስ ሲል ቮያ እጁን ያዘው። ጠርሙሱን ተቀበለውና ከአረቄዎቹ መሃል ቦታ አበጅቶ፣ ቀይ ክሩን ወደ መተላለፊያው አዙሮ፣ ጠረጴዛው ላይ አቆመው።