የሌላ እትም መልሶች

እሑድ ማርች 9 ቀን 2003፣ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ፣ ኔታኒ ላውቶካ ከተማ ባለው ቤታችን በረንዳ ላይ እርሳሱን ወረወረ። በማግስቱ ፈተና ነበረው። ካለፈ ከሚሠራበት የስኳር ፋብሪካ ጥገና ክፍል ወጥቶ ዋና ከተማው ሱቫ ሄዶ ምህንድስና ይማራል፤ ከወደቀ ፋብሪካው ሁለተኛ አይልከውም።

የአክስቴ ልጅ ነው። ከፍተኛ የምህንድስና ሂሳብን ያለ አስተማሪ፣ ከአንድ መጽሐፍ አብረን ነበር የምናጠናው። የመልሱ መጽሐፍ ከሱቫ በአውቶቡስ እስኪመጣልን ድረስ ጥሩ ይሄድለት ነበር። ከዚያ ወዲህ ግን የሠራው ሁሉ አልገጥም አለው።

«እየው፣» አለኝ። «በዚህ ጥያቄ እኔ ስፕሪንጉ እየተወዛወዘ ይቆማል እላለሁ፤ ይሄ ደግሞ ሳይወዛወዝ ይመለሳል ይላል።»

ጥያቄውን ለብቻዬ ሠራሁት። እንደ እሱው ወጣልኝ። ሁለቱን መጻሕፍት ጎን ለጎን ሳስተያይ፣ መልሱ ውስጥ የገባው የክብደት ቁጥር ከጥያቄው የተለየ ነበር።

«ኔታኒ፣ ይሄ የድሮው እትም መልስ ነው። ጥያቄዎቹን ቀይረዋቸዋል። ያንተ ልክ ነው።»

ሳቀ። «አንተ ቀጣፊ። ሥራ አስኪያጁ ይፈልግሃል ብለህ በክት ልብሴ ፋብሪካ የላክኸኝ ጊዜም ፊትህ እንዲህ ነበር።»

«የዛሬው ቀልድ አይደለም።»

«ያኔም እንዲሁ ነው ያልከው።»

እኛ ዘንድ የአክስትና የአጎት ልጅ ሲገናኝ መቀላለድ ደንብ ነው፤ ቁም ነገር ብቻ የሚያወራ እንደተጣላ ይቆጠራል። ሽፋኖቹን ባሳየውም አልሆነም።

«መጽሐፍ የጻፉት ሁሉ ተሳስተው አንተ ልክ ሆንክ?» አለና ያቆና የሚባለው የሥር መጠጥ የተቀዳበትን የኮኮናት ቅርፊት አቀበለኝ። «ጠጣና ዝም በል።»

ፈተናው ላይ ያው የስፕሪንጉ ጥያቄ መጣ። ኔታኒ መጀመሪያ በራሱ መንገድ ሠራው። ከዚያ የመልሱ መጽሐፍ ትዝ ሲለው ሰረዘና ሳይወዛወዝ ይመለሳል ብሎ ጻፈ። በዚያች አንዲት ጥያቄ ምክንያት ፈተናውን ወደቀ። ያረመው መምህር የተሰረዘው ልክ እንደነበር አሳየው።

ቤት መጥቶ ነገረኝ። እንደ ልማዱ በቀልድ እንዲሰድበኝ ጠበቅሁ። «ለካ የእውነትህን ነበር፣» ብቻ አለኝ። ከዚያ ቀን ወዲህ እንደ እንግዳ ሰው በጨዋ ደንብ ያናግረኝ ጀመር። ደህና አደርክ፣ ደህና ዋልክ፣ ከዚያ ያለፈ የለም።

በዚያው ዓመት ፋብሪካውን ትቶ የዓሣ ማጥመጃ ጀልባ ላይ ተቀጠረ። በቀጣዩ ዓመት ጃንዩዋሪ ጀልባዋ በማዕበል ከነሰዎቿ ቀረች።

ያንን ፈተና እኔ በዚያው ዓመት ኖቬምበር ተፈትኜ አለፍኩ።